ወንፈል፣ ገበያና ነጋድራስ ገብረ ሕይወት

ስለ ጉልበትና ስለ ዋጋ ሲነሣ በእኛ አገር የተማረ ሰው አፍ ላይ ቶሎ የሚመጡት ስሞች አዳም ስሚዝ፣ ዴቪድ ሪካርዶና ካርል ማርክስ ናቸው። በደርግ ዘመን ትምህርት ቤት የነበርን ሰዎች ትርፍ እሴት የምትለዋን ሐረግ ወደድንም ጠላንም ሸምድደናታል። የሚገርመው ይኸው ጥያቄ ከዚያ ከግማሽ ምዕተ ዓመት በፊት በአማርኛ ተነሥቶ፣ በአማርኛ ታስቦበትና በአማርኛ ታትሞ መገኘቱ ነው። ያነሡት ሰው ነጋድራስ ገብረ ሕይወት ባይከዳኝ ይባላሉ። በእኔ የትምህርት ዘመን ግን ስማቸውን ከአስተማሪ አፍ የመስማት ዕድል አልገጠመኝም።

ሰውየው የትግራይ ተወላጅ ናቸው፤ በስም የሚታወቁበት ሥራቸውም ድሬዳዋ ላይ ነበር። ይሁን እንጂ መጽሐፋቸውን በከፈትኩ ቁጥር ፊቴ ላይ ድቅን የሚለው የምሥራቅ ጎጃም ገበሬ፣ በተለይም የቢቸናና የሞጣ ገበሬ ነው። ይህ የሆነው ሞጣ ተወልጄ ስላደግኩ ብቻ አይደለም። ነጋድራሱ በብዕር ያነሡት ጥያቄ በ1960 ዓ.ም. በእነዚህ ሁለት አውራጃዎች ውስጥ በጥይት ስለተነሣ ጭምር ነው። ወደዚያ እንደርሳለን፤ አስቀድመን ግን ሰውየውን እንወቃቸው።

ገብረ ሕይወት የተወለዱት በ1878 ዓ.ም. አድዋ አጠገብ በምትገኘው ማይ ምሻም ነው። አባታቸው የአፄ ዮሐንስ ሰው እንደነበሩና በመጋቢት 1881 ዓ.ም. መተማ ላይ እንደወደቁ የሕይወት ታሪካቸውን የጻፉ ሰዎች ይነግሩናል። በእነዚያው ዓመታት ክፉ ቀን መጣ። ከብቱ በበሽታ አለቀ፣ እህል ጠፋ፣ ሰው እንደ ቅጠል ረገፈ። በሬ ያለቀበት ገበሬ ጉልበቱ ብቻውን ምን ያህል እንደሚያወጣ ያ ዘመን በግልጽ አሳይቷል፤ ክንዱ ክንድ ነበር፣ መሬቱም መሬት ነበር፣ የጠፋው ሁለቱን የሚያገናኘው ነገር ነበር። ሕፃኑ ገብረ ሕይወት ከረሀቡ ሸሽተው ወደ ኤርትራ ከተሻገሩት አንዱ ሆኑ፤ ምጽዋ አጠገብ ምንኩሉ ላይ በነበረው የስዊድን ሚሲዮን ትምህርት ቤትም ገቡ።

ከዚህ በኋላ ያለው ታሪክ ልብ ወለድ ይመስላል። ልጁ ከጓደኞቻቸው ጋር ምጽዋ ወደብ የቆመ የጀርመን መርከብ ሊያዩ ይሄዳሉ፤ መርከቡ ይዟቸው ይነሣል። ካፒቴኑ ለአንድ ሀብታም የኦስትሪያ ቤተሰብ አደራ ይሰጣቸዋል፤ ቤተሰቡም እንደ ልጁ ያሳድጋቸዋል፣ ያስተምራቸዋል። በኋላም በርሊን ሄደው ሕክምና አጠኑ።

በርሊን የሄዱበት ጊዜ መታሰብ አለበት። ያን ጊዜ ጀርመን በአንድ ትውልድ ዕድሜ ውስጥ ከተበታተኑ መሳፍንት ግዛቶች ወጥታ የብረትና የኬሚካል ፋብሪካ አገር የሆነችበት ዘመን ነው። ፍሬድሪክ ሊስት የተባለው ጀርመናዊ በ1841 (እ.ኤ.አ.) ባሳተመው መጽሐፍ፣ ወደ ኋላ የቀረ አገር ገበያውን ለእንግሊዝ ዕቃ እንዲሁ ከከፈተ የራሱን ጥበብ ሳያሳድግ እንደሚቀር አስጠንቅቆ ነበር። የለንደን ሊቃውንት ነፃ ንግድን ሲሰብኩ የበርሊን ሊቃውንት መጀመሪያ ተማር፣ መጀመሪያ ሥራ ይሉ ነበር ማለት ይቻላል። ወጣቱ ገብረ ሕይወት ያደጉት በዚህ አየር ውስጥ ነው።

በ1890ዎቹ መጨረሻ ገደማ ወደ አገራቸው ተመልሰው በአጤ ምኒልክ ቤተ መንግሥት አካባቢ በአስተርጓሚነት ሠሩ። ንጉሠ ነገሥቱ በሕመም እየደከሙ ሲሄዱ የቤተ መንግሥቱ ሽኩቻ በረታ፤ እሳቸውም አገር ለቀው እንግሊዞች ወደሚያስተዳድሯት ሱዳን ተሰደዱ። ከስደቱ በኋላ የጻፉት አጤ ምኒልክና ኢትዮጵያ የተባለው ሥራቸው በ1904 ዓ.ም. አሥመራ ላይ የስዊድን ሚሲዮን ባሳተመው ብርሃን ይሁን በተባለ መድብል ውስጥ ወጣ። አጭር ጽሑፍ ነው፤ ለሕግ ሰው ግን ጥሩ ምግብ ነው። የንጉሡ ኪስና የመንግሥት ግምጃ ቤት እንዲለያዩ፣ ግብር የታወቀ ልክ እንዲኖረውና በገንዘብ እንዲከፈል፣ ሕግ ተጽፎ እንዲታወቅ ይጠይቃሉ። ወታደሩ በገበሬው ቤት እየተሰራ የሚበላበት ሥርዓት ምርትን እንዴት እንደሚያደርቅ ያሳያሉ። የዛሬ አንባቢ ይኼ ምን አዲስ ነገር አለው ሊል ይችላል። የመጀመሪያው ጽሑፍ ሕገ መንግሥታችን የወጣው ከዚያ ከ19 ዓመት በኋላ፣ በ1923 ዓ.ም. መሆኑን እዚህ ላይ ማስታወስ ይገባል።

ኋላም ተመልሰው መንግሥትን አገለገሉ፤ በመጨረሻም የድሬዳዋ ነጋድራስ ሆኑ። ነጋድራስ ማለት በዘመኑ የነጋዴው ሹም፣ የቀረጥም ኃላፊ ነው። ባቡሩ በ1895 ዓ.ም. ደርሶ ከተማ ያደረጋት ድሬዳዋ ደግሞ የአገሪቱ ዋነኛ በር ነበረች። እንግዲህ አስቡት። አንድ በርሊን የተማረ፣ ነገሩን ሁሉ ለምን ብሎ የሚጠይቅ ሰው በየቀኑ በሩ ላይ ተቀምጦ የሚወጣውንና የሚገባውን ይመዘግባል። የሚወጣው ቡናና ቆዳ ነው፤ የሚገባው አቡጄዲና ሌላ የፋብሪካ ዕቃ ነው። ለሌላው ሹም ይህ የቀረጥ ምንጭ ነው። ለገብረ ሕይወት ግን ሌላ ጥያቄ ነበር፤ በዚህ ጆንያ ውስጥ ስንት የሰው ድካም አለ? በዚያ ጥቅል ጨርቅ ውስጥስ ስንት?

መንግሥትና የሕዝብ አስተዳደር የተባለው ዋናው መጽሐፋቸው የዚህ ጥያቄ መልስ ነው ብል አላጋነንኩም።

አሁን ወደ ጎጃም ልውሰዳችሁ። አገሬው ወንፈል የሚለው ነገር አለ። ዛሬ እኔ ያንተን ጤፍ አጭድልሃለሁ፣ ነገ አንተ የእኔን ታጭዳለህ። ቀን በቀን ይከፈላል። ገንዘብ የለበትም፣ ሚዛን የለበትም፤ የአንዱ ቀን ከሌላው ቀን እኩል ነው። በሬ የሌለው ከባለ በሬው ጥማድ ይወስድና በጉልበቱ ይመልሳል። ደቦ ግብዣ አለው፣ ጠላ አለው፣ ሒሳቡም ልል ነው። ወንፈል ግን ዕዳ ነው፤ ያልመለሰ ሰው በሚቀጥለው ዓመት ብቻውን ያጭዳል።

አዳም ስሚዝ በ1776 (እ.ኤ.አ.) ባሳተመው መጽሐፉ ለማስረዳት የተጠቀመበት ምሳሌ ከዚህ ብዙም አይርቅም። በጥንት ዘመን፣ መሬትም ሆነ ሀብት በጥቂቶች እጅ ሳይገባ፣ አንድ ቢቨር የተባለ አውሬ ለመግደል የሚፈጀው ጊዜ አጋዘን ለመግደል ከሚፈጀው እጥፍ ቢሆን አንድ ቢቨር በሁለት አጋዘን ይለወጣል ይላል። ስሚዝ ይህ የጥንት ነገር ነው ብሎ ያልፈዋል። እኛ ግን የጥንት ነገር ብለን ልናልፈው አንችልም፤ ሞጣና ቢቨር በማይተዋወቁበት አገር ሕጉ ዛሬም በየአዝመራው ይሠራበታል።

ከስሚዝ ጥቂት ቀደም ብለው የተነሡት የፈረንሳይ ሊቃውንት ደግሞ ሀብት የሚመነጨው ከመሬት ብቻ ነው፣ ነጋዴውና አንጥረኛው ምንም አይጨምሩም ይሉ ነበር። (በነገራችን ላይ ከጎጃም ባለርስት ጋር ቢገናኙ ሳይግባቡ የሚቀሩ አይመስለኝም።) ሪካርዶ በ1817 (እ.ኤ.አ.) መጥቶ ነገሩን አጠበቀው። የዕቃ ዋጋ በገበሬው ድካም ብቻ ሳይሆን ገበሬው በያዘው መሣሪያ ውስጥ ባለው ድካምም ይለካል አለ። በማረሻው ውስጥ የአንጥረኛው ቀን አለ፤ በአንጥረኛው መዶሻ ውስጥም የሌላ ሰው ቀን አለ። የአማርኛችን ዋጋ የሚለው ቃል ይህን ሁሉ አሳብ በአንድ ላይ መያዙ ያስደስተኛል። የገበያውን ተመንም ዋጋ እንላለን፤ አንድ ሰው ለድካሙ የሚያገኘውንም ዋጋ እንላለን። ሊቃውንቱ ሁለቱ ለምን እንደማይገጥሙ ሲከራከሩ ነው ዘመናቸውን የፈጁት።

ሪካርዶ ስለ አገሮች ንግድ ሲናገር ያመጣው ምሳሌ የታወቀ ነው። እንግሊዝ የተወሰነ ጨርቅ ለመሥራት የ100 ሰዎችን የዓመት ጉልበት፣ ወይን ጠጅ ለመጥመቅ የ120 ሰዎችን ይፈጅባታል። ፖርቱጋል ወይኑን በ80፣ ጨርቁን በ90 ሰዎች ትሠራለች። ፖርቱጋል በሁለቱም ብትበልጥም እሷ ወይን፣ እንግሊዝ ጨርቅ ቢሠሩና ቢለዋወጡ ሁለቱም ይጠቀማሉ ይላል። ስሌቱ ትክክል ነው። ልብ በሉ ግን፤ በዚህ ልውውጥ የ80 ሰዎች ጉልበት ለ100 ሰዎች ጉልበት ተለወጠ። ወንፈሉ ፈረሰ ማለት ነው። ሪካርዶ ራሱ ይህን አይቶታል፤ በአገር ውስጥ እንዲህ ያለ ልውውጥ እንደማይኖር፣ በአገሮች መካከል ግን ሊኖር እንደሚችል ጽፏል። አይቶ ግን አላዘነበትም።

ነጋድራስ ገብረ ሕይወት የጀመሩት ሪካርዶ ካቆመበት ነው ማለት ይቻላል። ሀብት የሚገኘው ሰው በተፈጥሮ ላይ ከሚያፈሰው ድካም ነው፤ በዚህ ከቀደሙት ሊቃውንት ጋር ይስማማሉ። የድካሙን ፍሬ የሚወስነው ግን ዕውቀት ነው ይላሉ። ዕውቀት ሲሉ የፊደል ዕውቀት ብቻ ማለታቸው አይደለም፤ መሣሪያ የመሥራት፣ መንገድ የማውጣት፣ ሥራን የማደራጀት ጥበብ ነው። ያወቀ ሕዝብ በጥቂት ቀን የሚሠራውን ያላወቀው ዓመት ሙሉ ይለፋበታል። ሁለቱ ገበያ ላይ ሲገናኙ ያ ዓመት በእነዚያ ጥቂት ቀናት ይለወጣል። ስለዚህ ያላወቀ ሕዝብ ማንም ሳይወጋው፣ ማንም ሳይዘርፈው፣ በሰላም እየነገደ የሌላው አገልጋይ ሊሆን ይችላል። ከአድዋ ድል በኋላ ሁለት አሥርት ዓመታት ገደማ ብቻ ባለፉበት አገር ይህን መጻፍ ድፍረት ነበር። በጦር ሜዳ ያልተሸነፈ ሕዝብ በገበያ ይሸነፋል እያሉ ነበርና።

ማርክስ በ1867 (እ.ኤ.አ.) ተመሳሳይ ነገር በአንድ አገር ውስጥ አሳይቶ ነበር። በእንፋሎት የሚሠራው መሸመኛ ሲመጣ የእንግሊዙ የእጅ ሸማኔ እንደ ድሮው አንድ ሰዓት ቢሠራም ያ ሰዓት በገበያው ላይ የግማሽ ሰዓት ያህል ብቻ ሆነ ይላል። የገብረ ሕይወት ልዩነት ሸማኔውን ባሕር ተሻግሮ ማየታቸው ነው። አቡጄዲው ድሬዳዋ ሲራገፍ የአገራችን ሸማኔ ሰዓት ይረክሳል፤ ሸማኔው ግን ምን እንደነካው አያውቅም። ራውል ፕሬቢሽ የተባለው አርጀንቲናዊና ሐንስ ሲንገር ጥሬ ዕቃ የሚሸጡ አገሮች ከፋብሪካ አገሮች ጋር ሲነግዱ እየተጎዱ እንደሚሄዱ ጽፈው ዝናን ያተረፉት በ1950 (እ.ኤ.አ.) ነው። ገብረ ሕይወት ከሞቱ ከ30 ዓመት በኋላ መሆኑ ነው። ይህን የምለው እኛም አለን ለማለት ብቻ አይደለም፤ እንዲህ ያለ ሰው ያፈራች አገር በአሳቡ ሳትጠቀም መቅረቷ ስለሚከነክነኝ ነው።

ነጋድራሱ ጥፋቱን ሁሉ በውጭ ሰው ላይ አልጣሉም። ይህ ከኋለኞቹ የፖለቲካ ጸሐፊዎቻችን ይለያቸዋል። ገበሬው እንዳያውቅና እንዳያከማች ያደረገው የራሱ አገር ሹምና ወታደር ነው ብለው ያምናሉ። የሚያመርተው አንድ፣ የሚበላው ብዙ፤ የሚበላውም ያለ ልክ የሚበላ ከሆነ ገበሬው ከዕለት ጉርሱ በላይ ለማምረት ምክንያት የለውም። እሳቸው ይህን ሲጽፉ ጎጃምን ይገዙ የነበሩት ራስ ኃይሉ ተክለ ሃይማኖት ናቸው። ራስ ኃይሉ በግብር አወጣጥ ብልሃታቸውና በንግድ ወዳድነታቸው የታወቁ፣ አዲስ አበባ ላይ እስከ ሲኒማ ቤት የደረሰ ሀብት ያካበቱ መስፍን ነበሩ፤ በ1924 ዓ.ም. ከሥልጣን እስኪወገዱ ድረስ የቢቸናና የሞጣ ገበሬ ድካም የሚፈስሰው ወደዚያ ነበር።

ነጋድራስ ገብረ ሕይወት በ1911 ዓ.ም. በ33 ዓመታቸው አረፉ። መንግሥትና የሕዝብ አስተዳደር የታተመው ከሞቱ ከአምስት ዓመት በኋላ፣ በ1916 ዓ.ም. ነው፤ ለዚህ የበቃው ወዳጃቸው ጳውሎስ መናመኖ መግቢያ ጽፈው ስላወጡት ነው። እኚህ ጳውሎስ ባይኖሩ ይህን ጽሑፍ አልጽፍም ነበር። በዚያው ዘመን አልጋ ወራሽ የነበሩት ራስ ተፈሪ የማተሚያ ቤትና የመጽሐፍ ወዳጅ ነበሩ፤ መጽሐፉም ለአንባቢ ደረሰ። ንጉሠ ነገሥት ከሆኑ በኋላ ግን መንግሥታቸው ስለ ገበሬና ስለ ግብር ባወጣው ሕግ ውስጥ የነጋድራሱን አሳብ ፈልጎ የሚያገኝ ሰው ጎበዝ ነው።

እነሆ 1960 ዓ.ም. ደረስን።

የሕግ ተማሪ ሳለሁ ከነጋሪት ጋዜጣ ጥራዞች ውስጥ ፈልጌ ያነበብኩት የመጀመሪያው የግብር ሕግ የኅዳር 1960 ዓ.ም. የእርሻ ሥራ ገቢ ግብር አዋጅ፣ ቁጥር 255 ነው። ምክንያቱ ግልጽ ነው፤ ሞጣ ያደገ ልጅ ስለዚህ አዋጅ ሳይሰማ አያድግም። ወረቀቱ ላይ ሲነበብ ሕጉ መጥፎ አይደለም። አሥራት የተባለውን የቆየ ግብር አስቀርቶ ገበሬው ባገኘው ገቢ መጠን እንዲከፍል፣ ብዙ ያገኘ ብዙ እንዲከፍል ያዝዛል። ገቢው የሚታወቀው በግምት ነው፤ ገማቾች ይመጣሉ፣ ማሳውንና ምርቱን አይተው ይህን ያህል አግኝተሃል ይላሉ። ችግሩ ያለው እዚህ ላይ ነው። ገማቹ የሚያየው አውድማው ላይ ያለውን ነው። አውድማው ላይ እስኪደርስ የፈሰሰውን አያይም።

ጤፍ እንዴት እንደሚመረት የማያውቅ የአዲስ አበባ አንባቢ ይኖራልና ትንሽ ልበል። የቢቸና አካባቢ ጤፍ አዲስ አበባ ገበያ ላይ በስሙ የሚጠየቅ እህል ነው። ገበሬው መሬቱን ይገምሳል፣ ያይማል፣ ይሰልሳል፤ ጥቁር አፈር ከሆነ ከዚያም በላይ ይመላለስበታል። ሊዘራ ሲል በከብት ያስረግጠዋል፤ ዘሩ ደቃቅ ስለሆነ ለስላሳ መደብ ይፈልጋል። ከዚያ አረሙ አለ፤ ቤተሰቡ በሙሉ ጎንበስ ብሎ በእጁ ይነቅላል። ከዚያ በማጭድ ያጭዳል፣ ይከምራል፣ በበሬ ያበራያል፣ ነፋስ ጠብቆ ያዘራል። አንድ ኩንታል ጤፍ ከዚህ ሁሉ በኋላ የሚቀር ነገር ነው። ገማቹ ኩንታሉን ቆጥሮ ሲጽፍ ገበሬው በልቡ የሚቆጥረው ቀኖቹን ነው።

ሁለተኛው ነገር ርስት ነበር። በጎጃም መሬት የሚገኘው ከአባት ከአያት በሚቆጠር ትውልድ ነው፤ የሚሸጥ የሚለወጥ አይደለም። መንግሥት መሬት ሊለካ መጣ ሲባል ገበሬው የሰማው ግብር ሊጨምር መጣ የሚለውን ብቻ አልነበረም፤ ርስትህን ሊወስድ መጣ የሚለውን ነው። በደቡብ መሬት ከተለካ በኋላ ምን እንደሆነ ወሬው ደርሶታል። እኛ የሕግ ሰዎች ይህን መሠረተ ቢስ ጥርጣሬ ልንለው እንችላለን። ገበሬው ግን ከልምድ ተነሥቶ ነው የሚፈርደው፤ ልምዱም ሹም ለቸርነት ቆጥሮት እንደማያውቅ ነው።

በሞጣ፣ በቢቸናና በዳሞት አካባቢ ገማቾቹ ተባረሩ፤ ገበሬው መሣሪያውን አነሣ። ይህ አገር ከ1928 ዓ.ም. በኋላ በበላይ ዘለቀ መሪነት ጣሊያንን የተዋጋ፣ በላይም በ1937 ዓ.ም. በገዛ መንግሥቱ ሲሰቀሉ ያየ አገር መሆኑ አይዘነጋ። መንግሥት ጦር ላከ፤ የአየር ኃይል አውሮፕላኖችም መንደሮችን ደበደቡ። ይህ ሁሉ ሆኖ ግብሩ አልተሰበሰበም። በመጨረሻ ንጉሠ ነገሥቱ ጠቅላይ ገዥውን ደጃዝማች ፀሐዩ ዕንቁ ሥላሴን አነሡ፤ ለዓመታት የተጠራቀመው ውዝፍ ግብርም ተሰረዘ። አዋጁ በወረቀት እንዳለ ቀረ። ሐዲስ ዓለማየሁ ፍቅር እስከ መቃብርን ያሳተሙት ከዚህ ሁለት ዓመት ቀደም ብለው በ1958 ዓ.ም. ነው። በልብ ወለዱ ውስጥ ፊታውራሪ መሸሻ በሚጠይቁት መዋያ የተነሣ የሚያምፁት ገበሬዎች አገራቸው ዲማ ነው፤ ዲማ ደግሞ የቢቸና ጎረቤት ነው። ሐዲስ አገራቸውን ያውቁ ነበር።

ስለዚህ ዓመፅ ብዙ ተጽፏል። አንዳንዱ የባላባቱ ቅስቀሳ ነው ይላል፣ አንዳንዱ የመደብ ትግል ነው ይላል። እንደ እኔ እንደ እኔ መንግሥትና የሕዝብ አስተዳደርን ካነበቡ በኋላ ነገሩ ሌላ መልክ ይይዛል። ነጋድራሱ ግብርን አልጠሉም፤ እንዲያውም የታወቀ ግብር እንዲኖር ከማንም በፊት የጠየቁ ናቸው። ግን በእሳቸው አስተሳሰብ መንግሥት ከድካም ፍሬ የሚወስደው ድካሙን ለማቅለል ነው፤ መንገድ፣ ትምህርት፣ መሣሪያ፣ ዳኝነት ሆኖ መመለስ አለበት። የሞጣ ገበሬ በ1960 ዓ.ም. ዙሪያውን ሲያይ የሰጠው ግብር ምን ሆኖ ተመለሰለት? በሬው የአያቱ በሬ ነው፤ ሞፈሩም የአያቱ ሞፈር ነው። በወንፈል ዓይን ካየነው መንግሥት ዓመት ዓመት ቀን የሚበደር፣ አንድም ቀን የማይመልስ ጎረቤት ነበር። እንዲህ ያለ ጎረቤት በጎጃም ምን እንደሚደረግ ከላይ ጽፌያለሁ።

ደርግ መጥቶ በ1968 ዓ.ም. በአዋጅ ቁጥር 77 የገጠር መሬት መጠቀሚያ ክፍያንና የእርሻ ገቢ ግብርን እንደገና ደነገገ። ከዚያም ወዲህ ሕጎቹ ወደ ክልል ወርደው ተሻሽለዋል። ይሁንና በገበሬው ደጅ ዋናው መለኪያ ሄክታር ሆኖ ቀርቷል። ስለ ቀረጡ ልክ እዚህ ላይ ክርክር አልገባም፤ ዛሬ የገበሬውን ድካም የሚወስደው ትልቁ እጅ ግብሩ ሳይሆን ልውውጡ ነውና። ማዳበሪያው የሚመጣው ከባሕር ማዶ፣ በዶላር ነው። በ2015 ዓ.ም. ክረምት መግቢያ ላይ የአማራ ክልል ገበሬዎች ማዳበሪያ አጣን ብለው ሰልፍ ወጡ፤ ከዚያው ዓመት ማብቂያ ጀምሮ የመጣውን ውጊያ ሁላችንም እናውቃለን፣ ምሥራቅ ጎጃምም ከዋነኞቹ ሜዳዎች አንዱ ሆኗል። በሐምሌ 2016 ዓ.ም. ብር በገበያ እንዲመራ ሲደረግ የጤፉም ዋጋ የማዳበሪያውም ዋጋ አብረው ዘለሉ። ከተማ ያለነው የተጮህነው ስለ ጤፉ ነው። ነጋድራሱ ቢኖሩ ሁለቱን አጋጭተው፣ አንድ ኩንታል ማዳበሪያ ለመግዛት የቢቸና ገበሬ ስንት ቀን ይለፋል፣ ያንን ኩንታል የሠራው ፋብሪካስ የስንት ሰው ስንት ደቂቃ ፈጀበት ብለው ይጠይቁ ነበር። በአንድ ቁና ብር ቢጨምርለትም ገበሬው ከበፊቱ ይበልጥ ወይም ያነሰ ቀን እየሰጠ መሆኑ የሚታወቀው እንዲህ ሲጠየቅ ብቻ ነው።

በሁሉም ነገር ግን ከእሳቸው ጋር አልስማማም። ነጋድራስ ገብረ ሕይወት ያላወቀ ሕዝብ ሲሉ ገበሬውን በሙሉ በዚያ ውስጥ ይከቱታል፤ ይህ በርሊን ተምሮ የተመለሰ ሰው ዓይን ነው። የትኛው ማሳ በየትኛው ሳምንት እንደሚዘራ፣ የትኛው ደመና ዝናብ ይዞ የትኛው በረዶ እንደያዘ፣ ጤፉ መቼ ቢታጨድ እንደማይረግፍ የሚያውቅ ሰው ዕውቀት የለውም ሊባል አይገባም። የጎደለው መሣሪያና ያንን መሣሪያ ለመግዛት የሚያስችል ትርፍ ነው። ይህን ልዩነት እሳቸው አንዳንድ ቦታ ላይ ያያሉ፣ አንዳንድ ቦታ ላይ ይረሱታል። ዕድሜ ቢሰጣቸው ያርሙት ነበር ብዬ እገምታለሁ፤ በ33 ዓመት የተቋረጠ አሳብ ነው።

ሌላም ያላዩት ነገር አለ። ዕውቀት ከጉልበት ጋር ይገናኛል፣ የተማረው ልጅ የአባቱን ድካም ያቀልላል ብለው ተስፋ አድርገው ነበር። ትምህርት ቤቱ ሞጣም ቢቸናም ገባ። እኔና የዘመኔ ልጆች ገብተን ተማርን። ጎበዝ የተባልነው በየተራ በደጀን በኩል ዓባይን ተሻግረን ወደ አዲስ አበባ ሄድን፤ አንዱ ጠበቃ፣ አንዱ ሒሳብ አዋቂ፣ አንዱ ሐኪም ሆነ፤ ወደ ባሕር ማዶ የተሻገሩም አሉ። ያስተማሩን አባቶች ጤፍ ሸጠው ነው ደብተር የገዙልን። አባቴ እስኪያርፉ ድረስ ያረሱት በዚያችው ማረሻ ነበር። ከእኛ መካከል ተምሮ ወደ እርሻው የተመለሰ አንድ ልጅ አላስታውስም።